ቅቤ ያልነካው ዳር

የብርጓል ፈሪ ነበረች። ይህን እሷ ራሷም ክዳ አታውቅም። ሰማይ ሲያጉረመርም ጓዳ የምትገባ፣ ላም ስታልብ እንኳ እርግጫ ፈርታ አንድ እግሯን ለሽሽት ወደ ኋላ የምታስቀር ሴት ነበረች። ባሏ አንለይ «እግዜር አንቺን የሠራው ሚዳቋ እያየ ነው» እያለ ይስቅባታል፤ እሷም አብራው ትስቃለች። አምበር አጠገብ ባለችው መንደራቸው ያለ ሰው ሁሉ ፈሪነቷን ያውቃል። ማንም ግን አይንቃትም፤ ባለሙያ ናትና።

እንዲህ ያለችው ሴት በ1930 ዓ.ም. የካቲት ላይ ነጠላዋን አደግድጋ ደብረ ማርቆስ፣ ከጣሊያን ምሽግ በር ላይ ቆመች። ጀግንነት ነው ያመጣት የሚል ቢኖር አትስሙት። ያመጣት ያው ፍርሃቷ ነው። አንለይን «ለሽፍቶች እህል አሳልፈሃል» ብለው አስረውት ሄደዋል። ከእሱ በፊት የታሰሩ ሁለት የአገሩ ሰዎች ወሬያቸው እንጂ ሬሳቸው አልተመለሰም። ቤት ቁጭ ብሎ ወሬ መጠበቅ ከጠላት ፊት ከመቆም ይልቅ አስፈራት፤ ስለዚህ መጣች። ፈሪ ሰው አንዳንድ ጊዜ ከሚፈራው ነገር ጋር ካልተያየ እንቅልፍ አይወስደውም።

አስተርጓሚው አስማማው የሚባል ነው። ፂሙን የተላጨ፣ ካፖርት ለባሽ፣ ሲናገር ዓይኑ ከሰው ዓይን የማይገጥም ሰው። እግሩ ላይ ወደቀች። ከላይ እስከ ታች አየና፣ «ድንች መላጥ ትችያለሽ?» አላት። «እችላለሁ ጌታዬ።» «እንግዲያ ወጥ ቤት ግቢ። አፍሽን ዘግተሽ ከሠራሽ ባልሽ ፋሲካን ሊያይ ይችል ይሆናል። ቃል አልገባሁልሽም፤ እንዳትይዥኝ።»

«ሊያይ ይችል ይሆናል» የምትለዋን ቃል ይዛ ገባች። ዐቢይ ጾም ሲያዝም በልቧ ከፈጣሪዋ ጋር ውል ገባች፦ ይህን ጾም አንዲት ቀን ሳልገድፍ ብጨርስ አንተም አንለይን ከዚህ ታወጣልኛለህ። ለማንም አልነገረችም። ሃምሳ አምስት ቀን ናት፤ ምን አላት? የአንለይ ነፍስ በጾሟ ላይ እንደተንጠለጠለች አድርጋ ያዘችው። እስር ቤቱ ከወጥ ቤቱ ጓሮ፣ ከሽቦው ማዶ ነው። ቀን ቀን የሰንሰለት ድምፅ ይሰማታል፤ የማን እንደሆነ ግን አታውቅም። ድንቹን እየላጠች ጆሮዋ ከዚያ ድምፅ ላይ እንደተተከለ ሁለት ወር ሊሞላት ሆነ።

በሆሣዕና ሰሞን ነገሩ ተለዋወጠ። የምሽጉ አዛዥ፣ የካፒቴኑ፣ ምግብ አብሳይ የነበረ አንድ ወፍራም ሶላቶ ወባ ጥሎት በአይሮፕላን ተጭኖ ሄደ። ካፒቴኑ ራሱ ደግሞ መንጋጋው አበጠ። ጥርሱ ነው። የቆርቆሮ ሥጋው፣ ደረቅ ዳቦው፣ ያ ረጃጅም መኮረኒው ሁሉ ማኘክ ይፈልጋል፤ እሱ ግን አፉን መክፈት እንኳ አቃተው። ሕመሙ ሲብስበት እስረኞች ሲገረፉ ይውላሉ። አስማማው እየሮጠ ወጥ ቤት መጣ። «ጥርስ የማይነካው ነገር! ጥርስ የማይነካው ነገር የምትችል ማናት?»

የብርጓል ታውቃለች። አማቷ እሜቴ ወለተ ኪዳን ጥርሳቸው አልቆ ሰባት ዓመት በእሷ እጅ ነው የኖሩት። ድንቹን ከነልጣጩ ትቀቅለዋለች፤ ተልጦ የተቀቀለ ድንች ውሃ ይጠጣል። ዱባውን ግን ብዙ ውሃ አታሳየውም። ፍሬውን ጠርጋ ትቆራርጠውና፣ ከድስቱ ሥር ጥቂት ውሃ ጠብ አድርጋ፣ አፉን በእርጥብ ጨርቅ አፍና በገዛ እንፋሎቱ ታበስለዋለች። ቆጥ ላይ የከረመ ዱባ ከሆነ ማር ይሆናል። ከዚያ ሁለቱን ገበቴ ላይ አድርጋ በዘነዘና አፍ ትደፈጥጣቸዋለች፤ ነጭ ሽንኩርት ከጨው ጋር ደቁሳ ጣል ታደርግበታለች። በጾም የኑግ ጭማቂ፣ በፍስክ ቅቤ ይገባበታል። ስም አልነበረውም፤ በቤታቸው «የእሜቴ ምግብ» ነው የሚባለው። እሜቴ አንድ ጉርሻ ዋጥ አድርገው «ሆዴን አቀፈልኝ» ይሉ ነበር። ያ የአሮጊት መጽናኛ ለጣሊያን መሠራቱ ትንሽ ከነከናት፤ ግን በወጥ ቤቱ ማዕዘን ያለው የከረመ ዱባና ጥቂት ድንች ብቻ ነበር፣ መንገዱን አርበኞች ዘግተውታልና ሌላም ምርጫ አልነበረ።

ማክሰኞ፣ በሰሙነ ሕማማት፣ በኑግ ሠራችው። ያኔ ሌላም ትእዛዝ ነበር። ከወር በፊት አንድ ሹም ራቱን በልቶ ሆዱን ይዞ አደረ ተብሎ፣ ያገር ሰው ያበሰለውን አብሳዩ ሳይቀምስ ማንም እንዳይበላ ተብሏል። ገበያውም አርበኞቹ ለወጥ ቤት ሴቶች መርዝ እየላኩ ነው እያለ ያወራል። እውነትና ውሸቱን ማንም አያውቅም። «ሲሉ ሰምታ ዶሮ ታንቃ ሞተች» ሆነና ፈረንጆቹ ሁሉ ሳህናቸውን በጥርጣሬ ያያሉ። ደግነቱ ካፒቴኑ የሚበላው ጸሐይ ስታዘቀዝቅ፣ ጾም ከሚፈታበት ሰዓት በኋላ ነው። የብርጓል ከሳህኑ መሀል በመዳፏ ወስዳ ቀመሰች፣ ዋጠች። ካፒቴኑም በላ። ዓይኑን ጨፍኖ በላ። ሲጨርስ ለአስማማው አንድ ነገር አለው።

«ወዶታል» አላት አስማማው በረንዳው ሥር። «ነገ ግን ወተትና ቅቤ ይግባበት ይላል። ቅቤ የሌለው የድሃ ምግብ ነው ይላል።»

የብርጓል የካፖርቱን ጫፍ ያዘች። «ጌታዬ፣ ሕማማት ነው። እኔ ነኝ የምቀምሰው።»

አስማማው ዓይኑን ወደ ካፖርቱ ቁልፍ ጣለ። «ጅብ ከሚበላሽ ጅብ በልተሽ ተቀደሺ» አለና ሄደ።

ረቡዕ ቀኑን ሙሉ አሰበች። ሰግዳ ሰግዳ ጉልበቷ ዝሏል፣ ከትናንት ማታ ወዲህ ውሃም ከጉሮሮዋ አልወረደ፤ በዚህ ላይ ፍርሃቱ። እንቢ ብትል አንለይ ያልቅለታል። ብትበላ ውሉ ይፈርሳል፣ ያኔም አንለይ ያልቅለታል። ለእሷ ሁለቱም ያው ሞት ነበር። ድንቹን ስትቀቅል፣ ዱባውን ስታፍን፣ ስትደፈጥጥ ሁሉ ይህንኑ ታገላብጣለች። ቅቤውን አቅልጣ ልታፈስ ድስቱን ስታነሣ ነው መላ የመጣላት።

ሳህኑ ላይ ከገለበጠችው ውስጥ በአንድ ዳር ሦስት ጣት የሚያህል ሳይነካ ተወችው። ወተትና ቅቤውን መሀሉ ላይ አፈሰሰች፣ በማንኪያ ጀርባ እየደለደለች ወደዚያኛው ዳር ሰደደችው። ይኸኛው ዳር ንጹሕ ሆነ። ከዚያ ትቀምሳለች፤ ጾሟም ይጠበቃል፣ ሰውየውም ይበላል። ምስኪን! በሁለት ወር ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለች። በመላው ጎጃም ውስጥ የሚቀምስበትን ዳር ለይቶ የሚያበጅ ማን እንደሆነ አላሰበችም። መርዘኛ ብቻ ነው እንዲህ የሚያደርገው።

በረንዳው ላይ ካፒቴኑ ጉንጩን በመሐረብ አስሮ ተቀምጧል። አንድ አስካሪ፣ የጣሊያን ቅጥር ወታደር፣ ጠመንጃውን ይዞ ከኋላው ቆሟል፤ አስማማው ከጎኑ። የብርጓል ሳህኑን አስቀመጠች፣ እጅ ነሣች፣ እጇን ሰደደች። ወደ ንጹሑ ዳር።

ካፒቴኑ ዓይኑን አነሣ። እጇ እንዴት መሀሉን ዞሮ፣ እንዴት ተጠንቅቆ ወደ ዳር እንደሄደ አየ። በሹካው ጫፍ መሀሉን ጠቆመ።

«ከዚያ አይደለም ይልሻል» አለ አስማማው፣ ድምፁ ቀጠነ። «ከመሀል።»

እጇ ቆመ። ከመሀል አፈሰች፣ ቅቤው መዳፏ ላይ ሞቀ፣ ወደ አፏ አነሣችው፤ እጇ ደረቷ ላይ ሲደርስ እምቢ አላት። ልታዘው ሞከረች። አልታዘዝ አላት፤ ይንቀጠቀጥ ጀመር።

«ቅመሺ!» አለ አስማማው።

«ሕማማት ነው ጌታዬ… ቅቤ አለበት… ንገሩልኝ፣ መርዝ አይደለም፣ ጾም ነው በሉልኝ!»

አስማማው ነገረ። ረዘም አድርጎ፣ እጁን እያወዛወዘ፣ ባሏ እዚሁ መታሰሩን ሳይቀር ነገረ፤ ለእሱም ለገዛ አንገቱ ነው፤ ያስገባት እሱ ነዋ። ካፒቴኑ አዳመጠና በእርጋታ መለሰ። ከቁጣ ይልቅ እርጋታው አስፈራት። አስማማው ወደ እሷ ዞረ። «እኔም ክርስቲያን ነኝ ይላል። ሰበብሽ ጥሩ ነው፤ መርዝ ያደረገ ሰው ከዚህ የተሻለ ምን ሊል ይችላል ይላል።» ከዚያ ዝቅ ብሎ ጨመረ። «ባሏን አምጡ ብሏል።»

ያኔ የብርጓል ውሉንም ጾሙንም ረሳች። «እበላለሁ! እበላለሁ ጌታዬ፣ ይኸው!» ብላ መዳፏን ወደ አፏ ስትሰድ አስካሪው አንጓዋን ጨበጠው። ያ የሞቀ ነገር ከመዳፏ ሾልኮ ጣውላው ላይ ተፈጠፈጠ። ካፒቴኑ ራሱን ነቀነቀ። ጊዜሽ አለፈ ነው ነገሩ። አንዲት ቃል ብትተነፍስ ባሏም እሷም እዚያው እንደሚረሸኑ አስማማው ነገራት። አፏን በነጠላዋ ይዛ ቆመች።

አንለይን አመጡት። ፂሙ አድጎ፣ ቁርጭምጭሚቱ ከሰንሰለቱ በላይ አብጦ፣ ትከሻው ጠቦ። ሁለት ወር ሙሉ የሰንሰለት ድምፅ ስታዳምጥ የኖረች ሴት አሁን በሁለት እርምጃ ርቀት አየችው። ሰላም አላለችውም፤ እሱም አላላትም። በሕማማት ሰላምታ የለ፣ መሳም የለ፤ ይሁዳ ጌታውን በሰላምታ ነውና የሸጠ። እንዲያው ተያዩ። ካፒቴኑ ይህንንም አየ።

«ባልና ሚስት ናችሁ፤ እንዴት ሰላም አትባባሉም ይላል» አለ አስማማው፤ ምክንያቱንም ሊያስረዳ ሞከረ። ካፒቴኑ እጁን አወናጨፈ። ከዚያ የመጣው ቃል ለአንለይ ነበር። «ይህን ያበሰለችው ሚስትህ ናት። እሷ አልቀምስም አለች። አንተ ብላ።»

አንለይ ሳህኑን አየ። ጣውላው ላይ የተፈጠፈጠውን አየ። የሚስቱን የሚንቀጠቀጥ እጅ አየ፤ ረዘም አድርጎ አየው። የብርጓል በዓይኗ ልትነግረው ታገለች፦ ቅቤ ነው፣ ምንም የለበትም፣ ቅቤ ብቻ ነው። ዓይን ግን ይህን ያህል አይናገርም። እምቢ ይላል ብላ ነበር የምትፈራው። አንለይ ማለት አንድ ዓመት ንዳድ ይዞት ሊሞት ሲል እንኳ በዓርብ ወተት አልጠጣም ብሎ ጽዋውን በእጁ የገፋ ሰው ነው። አሁንም ይገፋዋል፤ ሲገፋውም ይተኩሱበታል።

አንለይ ግን ቁጭ አለ። አማተበ። ከመሀል፣ ቅቤው ከተኛበት፣ ጎርሶ ዋጠ። ደግሞ ጎረሰ። የተገደደ ሰው አይመስልም። ቀስ እያለ፣ እያጣጣመ፣ የሰርግ ቤት የገባ ይመስል ጣቱን እየላሰ ግማሹን በላ። ሲበቃው አፉን በእጁ ጀርባ ጠረገና ቀና ብሎ፣ «እጅሽ ይባረክ» አላት።

አለመሞታቸውን ስታውቅ ሊሰማት የሚገባው ደስታ ነበር። የመጣባት ግን እፍረት ነው። በሕማማት! በቅቤ! ጣቱን እየላሰ! ይኼ አንለይ አይደለም አለች በልቧ፤ እስር ቤቱ ሰውዬዬን ወስዶ ቆዳውን መለሰልኝ። ካፒቴኑ ሰዓቱን አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። ሁሉም ቆመው ጠበቁ። አንለይ ዓይኑን መሬት ላይ ተክሎ ከንፈሩን በዝግታ ያንቀሳቅሳል። ጊዜው ሲሞላ ካፒቴኑ የተረፈውን በላ፣ ሳህኑን ጠረገ፣ ፊቱም ፈታ አለ። አስማማው የሚለውን ተረጎመ። «ይኼ ሰው አክራሪ አይደለም። ለሆዱ ያደረ ሰው አያስቸግረንም። ከፋሲካ በኋላ ይፈታ።»

ወሬው ከአንለይ ቀድሞ ወጣ። በስቅለት ዕለት ቤተ ክርስቲያን ስትሰግድ ሴቶቹ አጠገቧ ሲንሾካሾኩ ሰማች። አንለይ ለሆዱ አደረ። አንለይ በሕማማት ቅቤ በላ። ልትቆጣቸው አልቻለችም፤ እውነት ነዋ፣ በዓይኗ አይታዋለች። ስትጸልይ ስሙ ላይ ስትደርስ አፈረች። «ማረው» አለች እንጂ «ጠብቀው» አላለችም። እሷ ጾሟን አልገደፈችም፣ ውሏን አላፈረሰችም፤ እሱ ግን ምን ሆኖ ነው የሚወጣላት?

የፋሲካ ማግስት ሰኞ ለቀቁት። በሩ ላይ ተሳሳሙ፤ ጉንጩ አጥንት ብቻ ሆኗል። ወደ አምበር መንገድ ጀመሩ። እሱ ያነክሳል፣ እሷ የስንቅ ዳቦ አዝላ ከፊት ከፊት ትሄዳለች፤ ብዙም አታዋራውም። ከተማው ከኋላቸው ሲጠፋ አንድ ግራር ሥር ተቀመጡ። አንለይ እግሩን ዘረጋና ሰማዩን እያየ፣

«ስንት ቀን ይፈጃል ብዬ ብጠብቅ ብጠብቅ ይኸው አምስተኛ ቀኔ» አለ። «ደካማ ነገር ነው የሰጡሽ።»

«ምኑ?»

«መርዙ ነዋ።»

የብርጓል ዳቦውን ከጀርባዋ አወረደች። «ምን መርዝ? ምን እያሉ ነው?»

«ከአርበኞቹ የተላከልሽ። እስር ቤቱ ሁሉ ሲያወራው አልነበር? ከእጅሽ መሬት ላይ ወድቆ ሳየው፣ እጅሽ ሲንቀጠቀጥ ሳየው፣ አሃ፣ የኔ ሚዳቋ ይህን ደፈረች አልኩ። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ኮርቼብሽ አላውቅም።»

«እያወቁ በሉት?»

«እምቢ ብልማ እዚያው ይገድሉሻል። ፊቴን ባኮሳትር ደግሞ እሱ መች ይበላል? የደከምሽበትን ላበላሽብሽ?» ያበጠ ቁርጭምጭሚቱን አሸት አደረገ። «ማታውን ሙሉ ጎኔን ይዤ ጠበቅሁ። ፍታኝ አባቴ እላለሁ፣ የሚፈታ ቄስ የለ። ቅቤው ነው እንጂ ያስጨነቀኝ፣ ሞቱስ… ነግቶ ሳልሞት ስቀር አንድ ነገር አበላሽታለች አልኩ።»

«መርዝ አልነበረበትም» አለች። ድምፅዋ ከሩቅ የመጣ መሰላት። «ምንም አልነበረበትም።»

አንለይ ዞሮ አያት። «ታዲያ ለምን አልቀመስሽም?»

ልትዋሽ ትችል ነበር። አልዋሸችም። «ቅቤው። ጾሜን… ጾሜን ካልገደፍኩ እርስዎ ይፈታሉ ብዬ ተስዬ ነበር።»

መጀመሪያ ሳቀ። ሳቁ መሀል መንገድ ላይ ቆመ። ከዚያ እጇን፣ ያን የተንቀጠቀጠውን እጅ፣ በሁለት መዳፉ ያዘው። «ይኸው ተፈታሁ» አላት፣ ረጋ ብሎ። «ምን ታለቅሻለሽ? ጠበቅሽው፤ ተፈታሁ።» እሷ ግን ያ ደግነቱ ከስድብ ይልቅ አመማት።

በዳግማይ ትንሣኤ ሳምንት የነፍስ አባታቸው ቄስ አካለ ወልድ ቤት ሄዱ። አንለይ ቀድሞ ገባ፤ በሕማማት ቅቤ መብላቱን ተናዘዘ፣ ስለ ሌላው አንድ ቃል አልተነፈሰም። ቄሱ ተቆጡ፤ ወሬውን አስቀድመው ሰምተዋል። ጊዜው ሃምሳ ነው፣ ጾምና ስግደት የለበትም፤ ሃምሳው ሲያልቅ አርባ ቀን ጾም፣ በየቀኑም መቶ ስግደት አሉት። እሱም «እሺ አባቴ» ብሎ መስቀል ተሳልሞ፣ እያነከሰ ወጣ።

የብርጓል ገባች፣ ተንበረከከች። «የእሱን ቀኖና ለእኔ ይስጡኝ» አለች።

«ምን አግብቶሽ? አንቺ ቅቤ በልተሻል?»

«አልበላሁም።»

«ጾምሽን ገድፈሻል?»

«አንዲት ቀን አልገደፍኩም።»

ቄሱ መስቀላቸውን እንደያዙ ግራ ተጋብተው አዩዋት። «ታዲያ ስለ ምን ኃጢአት ነው ቀኖና የምትጠይቂኝ፣ ልጄ?»

«ስለ ጾምኩት ጾም፣ አባቴ» አለች የብርጓል።